ቤት የሚያተራምሱ ሳቆች፦ ስለ ቀደምት ድምፅ አልባ የቤት ውስጥ ኮሜዲዎች ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ድምፅ አልባ ኮሜዲ ሲባል የብዙ ሰው ሐሳብ ቀጥ ብሎ ወደ ቻርሊ ቻፕሊን ይሄዳል። ባርኔጣው፣ ከዘራው፣ ያ አረማመድ። ቻፕሊን ጎበዝ ነው፤ ክርክር የለኝም። ግን ከእሱ በፊትም ሆነ በእሱ ዘመን ሰው በሳቅ የሚንፈራፈርበት ሌላ ዓይነት አጭር ፊልም ነበር፦ የቤት ውስጥ ትርምስ። ምድጃ ይፈነዳል። ውኃ ከፎቅ ወደ ምድር ቤት ይወርዳል። ሠራተኛዋ ሳህን ትደረምሳለች። አባወራው ከገዛ አልጋው ጋር ይታገላል። ስለነዚህ ፊልሞች የሚነሱትን ጥያቄዎች እዚህ ሰብስቤያለሁ። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

የመጀመሪያው የቱ ነው?

ግቢውንም እንደ ቤት ከቆጠርነው፣ ፈረንሳዊዎቹ የሲኒማ ፈር ቀዳጆች ሉሚየር ወንድማማቾች ገና ከጅምሩ ሠርተውታል። በ1895 መጨረሻ ፓሪስ ግራንድ ካፌ ውስጥ ለከፈለ ተመልካች ካሳዩዋቸው ፊልሞች አንዱ አንድ አትክልተኛ በጎማ ውኃ ሲያጠጣ ያሳያል። አንድ ልጅ ከኋላ መጥቶ ጎማውን ይረግጠዋል። ውኃው ይቆማል። አትክልተኛው ምን ነካው ብሎ የጎማውን አፍ ወደ ዓይኑ ሲያስጠጋ ልጁ እግሩን ያነሳል። ከዚያ ልጁ ይያዛል፣ ቂጡን ይመታል። ይኸው ነው። አንድ ደቂቃ እንኳ አይሞላም። አትክልተኛ ሆኖ የተጫወተውም የሉሚየር ቤተሰብ እውነተኛ አትክልተኛ ነው።

ጣሪያና ግድግዳ ያለውን ቤት ከፈለጋችሁ ግን እኔ የምጠራው በ1903 እንግሊዝ አገር የተሠራውን «የሜሪ ጄን ጉድ»ን ነው። የሠራው ጆርጅ አልበርት ስሚዝ፣ የተጫወተችው ደግሞ ሚስቱ ሎራ ቤይሊ ናት። ሜሪ ጄን የቤት ሠራተኛ ናት። ጫማ ስትቦርሽ ቀለሙ ከንፈሯ ላይ ጢም ይሠራላታል፤ እሷም በጢሟ ትዝናናለች። ወደ ካሜራው ትጠቅሳለች። ከዚያ ምድጃው እንቢ ሲላት ላምባ ታርከፈክፍበታለች። ቀጥሎ የምናየው የቤት ጣሪያ ነው፤ ሜሪ ጄን በጭስ ማውጫው ተወንጭፋ ትወጣና ቁርጥራጯ ይወርዳል። ከዚያ የመቃብሯ ድንጋይ ይታያል። በዚህም አላበቃም፤ መንፈሷ ከመቃብር ተነስቶ የላምባ ጣሳውን ይፈልጋል።

ፊልሙ አራት ደቂቃ ገደማ ነው። በዚያ ዘመን ካሜራ ብዙውን ጊዜ ራቅ ብሎ ተተክሎ ሁሉን ነገር ከአንድ ቦታ ይመለከት ነበር። ስሚዝ ግን ጥቅሻዋንና ጢሟን በደንብ እንድናይ ወደ ፊቷ ያስጠጋናል። ቀልዱ ፊቷ ላይ ስለሆነ ካሜራው መቅረብ ነበረበት።

ለምን ቤት ውስጥ? መንገድ ላይ፣ ገበያ ላይ አይሆንም ነበር?

መንገድ ላይም ተሠርቷል፤ ፖሊስ የሚያሳድድበት ፊልም ሞልቷል። ቤት የተመረጠበት አንዱ ምክንያት ተራ ነገር ነው፦ ርካሽ ነው። ሦስት የሸራ ግድግዳ፣ አንድ ጠረጴዛ፣ አንድ ምድጃ፣ ጥቂት የሚሰበር ሳህን። በአንድና በሁለት ቀን ፊልም ለሚጨርስ ኩባንያ ከዚህ የተሻለ አልነበረም።

ሁለተኛው ተመልካቹ ነው። አሜሪካ ውስጥ ከ1905 ጀምሮ በአምስት ሳንቲም የሚገባባቸው ትንንሽ ሲኒማ ቤቶች እንደ አሸን ፈሉ። እዚያ የሚገባው ሠራተኛው፣ ስደተኛው፣ ልጅ የታቀፈች እናት ናት። ብዙው እንግሊዝኛ ማንበብ አይችልም። ምድጃ ሲያጨስ ግን ማንም ተርጓሚ አይፈልግም።

ሦስተኛው ለእኔ ዋናው ነው። በዚያ ዘመን ቤት ራሱ እየተለወጠ ነበር። ጋዝ በቧንቧ ይገባል። መታጠቢያ ገንዳ ይገዛል። ግድግዳ ውስጥ የሚታጠፍ አልጋ፣ የሸክላ ማጫወቻ፣ ኤሌክትሪክ፣ በፖስታ ታዝዞ የሚመጣ ተገጣጣሚ ቤት ሳይቀር አለ። ሰዉ ዕቃዎቹን ገዝቷል፤ አልለመዳቸውም። ማስታወቂያው «ኑሮን ያቀላል» ይላል። ቤት ሲደርስ ግን ዕቃው የራሱ ፈቃድ አለው። ኮሜዲ ሠሪዎቹ ይህን ክፍተት ቶሎ አዩት። ለዚህ ነው ምርጥ በሆኑት ፊልሞች ውስጥ ዋናው ተዋናይ ሰውየው ሳይሆን ቤቱ የሚመስለኝ።

የመድረክ ልማድም አለበት፤ ነገሩ ከባዶ አልተነሳም። በእንግሊዝ የሙዚቃ አዳራሾችና በአሜሪካ የቮድቪል (ዘፈን፣ ጭፈራና ቀልድ የሚቀላቀልበት ትርዒት) መድረኮች መውደቅ፣ መጋጨትና መወርወር ለረጅም ዘመን ሲሠራበት የኖረ ሙያ ነበር። በኋላ የድምፅ አልባ ኮሜዲ ኮከብ የሆነው ባስተር ኪተን ገና ሕፃን ሳለ አባቱ መድረክ ላይ እያነሳ ይወረውረው ነበር። የቤተሰቡ እንጀራ ያ ነበር።

ሳህን የሚሰብሩት ለምን ብዙ ጊዜ ሴቶች፣ ያውም ሠራተኞች ሆኑ?

ይህን ጥያቄ እወደዋለሁ፤ ምክንያቱም ታሪኩ በብዛት የሚነገረው በወንዶቹ በኩል ነው።

ከ1905 እስከ 1913 ባለው ጊዜ በተለይ ፈረንሳይ ውስጥ የቤት ትርምስ ንግሥቶች ሴቶች ነበሩ። ፓቴ ኩባንያ «ሌዎንቲን» የምትባል አጥፊ ልጅ ነበረችው። በ1911 በወጣ አንድ ፊልም ሌዎንቲን የመጫወቻ ጀልባ አላት፤ ጀልባ ደግሞ ውኃ ይፈልጋል። ስለዚህ ቤቱን በውኃ ትሞላዋለች። ጎረቤት ይጮኻል፣ ጣሪያ ያፈሳል፣ እሷ ጀልባዋን ታንሳፍፋለች። በሌላ ፊልም የፊኛ ዘለላ ይዛ አየር ላይ ትወጣለች። የምትሠራው ሁሉ ለክፋት አይደለም፤ ሐሳብ ይመጣላታል፣ ወዲያው ትፈጽመዋለች። የሚገርመው ይህችን ሁሉ ፊልም የሠራች ተዋናይ ስሟ ማን እንደሆነ እስከ ዛሬ በእርግጠኝነት አልታወቀም። በዚያ ዘመን ሥራዋ ዓለምን የዞረ ሰው ስሟ ጠፋ።

«ሮዛሊ»ን የተጫወተችው ግን ትታወቃለች፤ ሳራ ዱሃሜል ናት። ሞላ ያለች፣ ፊቷ የማያርፍ ሴት። ሮዛሊ የሸክላ ማጫወቻ ስታስነሳ የቤቱ ዕቃ ሁሉ መደነስ የሚጀምርበት ፊልም አላት። ሉክስ የሚባለው ኩባንያ ደግሞ «ኩኔጎንድ»ን አወጣ፤ እሷም ብዙ ጊዜ የቤት ሠራተኛ ናት፣ ቤቱም ከእጇ በሰላም አይወጣም።

ለምን ሠራተኛ? እኔ እንደሚገባኝ፣ ሠራተኛዋ ቤቱን ከባለቤቶቹ በላይ ታውቀዋለች፤ ግን የእሷ አይደለም። ሳህኑን የምታጥበው እሷ፣ የሚበላበት ሌላ። እንግዲህ ሳህኑ ሲሰበር ሲኒማ ቤቱ ውስጥ ካሉት መካከል በልዩ ደስታ የሚስቁ ነበሩ ማለት ነው። ቀን የሰው ቤት ስታጸዳ ውላ ማታ ሲኒማ የገባች ሴት አስቧት። እመቤቶቹ በበኩላቸው «የዛሬ ሠራተኛ» እያሉ ራስ እየነቀነቁ ይስቃሉ። አንድ ፊልም ሁለቱንም ያስቃል፤ በተለያየ ምክንያት።

እዚህ ላይ አሊስ ጊ የምትባለውን ሳይጠሩ ማለፍ ነውር ነው። በጎሞን ኩባንያ ጸሐፊ ሆና ገብታ በ1896 ፊልም መምራት የጀመረች ሴት ናት። በ1906 ብቻ የሠራቻቸውን ተመልከቱ። በአንዱ ሠራተኛዋ ፖስታ ቤት ውስጥ ለእመቤቷ ቴምብር በምላሷ እያራሰች ትሰጣለች። አንድ ባለ ጢም ሰውዬ ይህን አይቶ ልቡ ይሸፈትና ከንፈሯን ሲስማት ሁለቱ ተጣብቀው ይቀራሉ። መጨረሻ ላይ መቀስ ያስፈልጋል። በሌላው አንድ ሰካራም ፍራሽ ውስጥ ገብቶ ይተኛል፤ ፍራሽ ሰፊዋ ሳታይ ትሰፋዋለች፣ ከዚያ ያ የሚራመድ ፍራሽ እየተንከባለለ ከተማውን ያዞራታል። ሌላው ደግሞ የወንድና የሴት ሚና የተገለበጠበት ነው። ወንዶቹ ልብስ ይተኩሳሉ፣ ልጅ ያስተኛሉ፤ ሴቶቹ ካፌ ተቀምጠው ይጠጣሉ፣ ወንዶቹን ያባብላሉ። ሰባት ደቂቃ ገደማ ነው። ዛሬም ቢሆን አንዳንድ ቤት ሰላማዊ ውይይት አያስነሳም።

ታዲያ እነዚህ ሴቶች የት ሄዱ?

ከ1910ዎቹ አጋማሽ ወዲህ መሐሉን ቦታ ወንዶቹ ያዙት። ሴቷ ቀስ በቀስ ሁለት ዓይነት ብቻ ሆነች፦ ወይ ቆንጆ ሙሽራ፣ ወይ የሊጥ መዳመጫ ይዛ በር ላይ የምትጠብቅ ሚስት። የአንደኛው የዓለም ጦርነት የአውሮፓን ፊልም ሥራ ሲያሽመደምደው ገበያው ወደ አሜሪካ ዞረ፤ የአሜሪካ ኩባንያዎች ደግሞ ኮከባቸውን በወንዶች ላይ ሠሩ። ፊልሞቹም በየመጋዘኑ ተረሱ። በ2022 ከተለያዩ አገሮች ቤተ መዛግብት ተሰባስበው 99 ፊልሞች በአንድ ስብስብ ሲወጡ ነው ብዙ ሰው ሌዎንቲንና ኩኔጎንድን ያወቀው።

በወንዶች በኩል ጀማሪው ማነው?

ማክስ ሊንደር። ፈረንሳዊ፣ ዘናጭ፣ ሲሊንደር ባርኔጣና ቀጭን ጢም። ቻፕሊን ራሱ መምህሬ ብሎታል። ከቤት ፊልሞቹ የምወድለት በ1910 የተሠራውን የመታጠቢያ ገንዳ ፊልም ነው። ማክስ ገንዳ ይገዛል። ቤት ሲደርስ ግን ክፍሉ ውስጥ ቧንቧ የለም፤ ቧንቧው ያለው ኮሪደር ላይ ነው። በትንሽ ዕቃ እያመላለሰ ይሞክራል፤ አይሞላም። ስለዚህ ገንዳውን ኮሪደር ላይ አውጥቶ እዚያው ይታጠባል። ጎረቤት ይወጣል፣ ኡኡ ይባላል፣ ፖሊስ ይመጣል፤ ከነገንዳው ተሸክመው ይወስዱታል። መጨረሻ ላይ ገንዳውን እንደ ኤሊ ጀርባው ላይ ደፍቶ ሲሸሽ ታዩታላችሁ። የጋራ ቧንቧ ባለበት ግቢ የኖረ ሰው ከማንም በላይ ይገባዋል።

ማክስ ክብሩን ለመጠበቅ የሚታገል ሰው ነው፤ ራቁቱን ገንዳ ውስጥ ሆኖም ጨዋ ለመምሰል ይሞክራል። ሳቁ ከዚያ ነው።

ሁሉም መውደቅና መሰባበር ነበር?

አይደለም። ብሩክሊን የነበረው ቪታግራፍ ኩባንያ ጆን በኒና ፍሎራ ፊንች የሚባሉ የፊልም ጥንዶች ነበሩት። እሱ ድብልብል፣ እሷ ክስት ያለች። በ1912 በሠሩት አንድ ፊልም ባልየው ቁማር ላቆም ብሎ ለሚስቱ ይምላል፤ ከዚያ ለማኅበር ስብሰባ እሄዳለሁ እያለ ሹልክ ይላል። የሚያጋልጠው እንቅልፍ ላይ መለፍለፉ ነው። ሚስትየዋ የአጎት ልጅዋንና የመጽሐፍ ቅዱስ ጥናት ጓደኞቹን ፖሊስ አስመስላ ቁማር ቤቱን ታስወርራለች። ማንም አይወድቅም ማለት ይቻላል። በኒ በ1915 ሲሞት ሐዘኑ ከአሜሪካ አልፎ ተሰማ፤ ዛሬ ስሙን የሚያውቅ ስንት ነው?

ስለ ኪስቶንና ስለ «ፋቲና ሜብል» ንገሩን።

ኪስቶን በ1912 በማክ ሴኔት የተመሠረተ የሎስ አንጀለስ ኩባንያ ነው። ፍጥነት፣ ጡብ ውርወራ፣ ግርግር። ከዚያ ሁሉ ጫጫታ መሐል ግን ሮስኮ «ፋቲ» አርበክልና ሜብል ኖርማንድ እንደ ባልና ሚስት የሠሯቸው ፊልሞች ለየት ያለ ሙቀት አላቸው። አርበክል ከባድ ሰው ነበር፤ ሲንቀሳቀስ ግን ክብደቱ አይታይም። ሜብል ደግሞ ራሷም ፊልም ትመራ ነበር።

በ1916 መጀመሪያ የወጣውን የሁለቱን የባሕር ዳር ቤት ፊልም ፈልጉ። አዲስ ተጋቢዎች ናቸው። ሜብል የጋገረችው ብስኩት ድንጋይ ሆኖ ጥርስ አይገባውም፤ እሱ ግን ላለማስቀየም ይታገላል። ማታ እሷ ተኝታ ሳለች ጥላው ግድግዳው ላይ ወርዶ ይስማታል። በአንድ የኪስቶን ፊልም ውስጥ እንዲህ ያለ ለስላሳ ነገር ይመጣል ብሎ የሚጠብቅ የለም። ከዚያ ቅናተኛው ተቀናቃኝ በማዕበል ሌሊት ቤቱን ገፍቶ ባሕር ውስጥ ይከተዋል። ጠዋት ሲነቁ አልጋቸው ይንሳፈፋል። ሉክ የሚባለው ውሻ እየዋኘ እርዳታ ሊጠራ ይሄዳል። ሉክ የአርበክልና የሚስቱ የራሳቸው ውሻ ነበር፤ ለእኔ የዘመኑ ምርጥ ተዋናዮች ዝርዝር ውስጥ ይገባል፤ ስቀልድ አይደለም።

ቻፕሊን የቤት ውስጥ ፊልም ሠርቷል?

ብዙ። ለዚህ ርዕስ የሚሆነው ግን በ1916 የሠራው «ዋን ኤ ኤም» ነው፤ ከሌሊቱ ሰባት ሰዓት ማለት ነው። ቻፕሊን በታክሲ ቤቱ ይመጣል፤ የጠጣ ሀብታም ነው። ከታክሲ ሹፌሩ በስተቀር ሌላ ሰው የለም። ቁልፉን ሲያጣ በመስኮት ይገባል። ውስጥ ሆኖ ቁልፉን ኪሱ ውስጥ ያገኘዋል። እና ምን ያደርጋል? በመስኮት ተመልሶ ይወጣና በበሩ ይገባል! ሥርዓት ነዋ።

ከዚያ በኋላ ያለው ከዕቃ ጋር ጦርነት ነው። የሚሽከረከር ጠረጴዛ፣ የአውሬ ቆዳ፣ ሁለት ደረጃ፣ ፎቅ ላይ በሩን የሚጠብቅ ግዙፍ የሰዓት ፔንዱለም። መጨረሻው ከግድግዳ የሚወርደው አልጋ ነው። ይወርዳል፣ ይታጠፋል፣ ይገለበጣል፣ ይመታዋል። ተስፋ ሲቆርጥ መታጠቢያ ገንዳ ውስጥ ይተኛል። አንዳንድ ሰው ይህ ፊልም አንድን ነገር ይደጋግማል ይላል። ትንሽ እውነት አለው፤ የአልጋው ትግል ይረዝማል። ግን አንድ ሰው ብቻውን ያን ያህል ጊዜ ይዞ የሚያቆየን ሌላ ማን አለ?

ጊዜ የለኝም፤ አንድ ብቻ ልይ። የቱን?

የባስተር ኪተንን «ዋን ዊክ»። አንድ ሳምንት። በ1920 ወጣ። ከኤዲ ክላይን ጋር ነው የመራው፤ ሙሽራዋ ሲቢል ሲሊ ናት።

ሙሽሮች ከቤተ ክርስቲያን ሲወጡ ቦታና ቤት በስጦታ ይሰጣቸዋል። ቤቱ ግን በሣጥን ውስጥ ነው። እዚህ ላይ ትንሽ ማብራሪያ ያስፈልጋል። ሲርስ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ከ1908 ጀምሮ ሙሉ ቤት በካታሎግ ይሸጥ ነበር፤ እንጨቱ ተቆርጦ፣ ቁጥር ተጽፎበት፣ በባቡር ተጭኖ ይመጣል፣ ገዢው ይገጣጥመዋል። ስለዚህ ተመልካቹ ሣጥኑን ሲያይ ነገሩ ገብቶታል።

ሙሽራዋን ያጣው ተቀናቃኝ መጥቶ የሣጥኖቹን ቁጥር ይለውጣል። ባልየው መመሪያውን ተከትሎ በጥንቃቄ ይሠራል፤ የሚወጣው ቤት ግን ጉድ ነው። በር ሁለተኛ ፎቅ ላይ ወደ ባዶ አየር ይከፈታል። ጣሪያው ያንሳል። ግድግዳው ይዞራል፣ የወጥ ቤቱ ዕቃ ወደ ውጭ ይሆናል። እያንዳንዱ ቀን ሲያልፍ የቀን መቁጠሪያ ወረቀት ይቀደዳል። ፒያኖ የሚያመጣው ሰው በአንድ ትከሻው ተሸክሞ መጥቶ ለኪተን ያቀብለዋል፤ ኪተን ከሥሩ ይቀራል። ምንጣፍ ሲቸነክር ኮቱን አብሮ ከሥሩ ይቸነክረዋል፤ ኮቱን ለማውጣት አዲሱን ምንጣፍ ይበሳዋል። ዓርብ ዕለት፣ ቀኑም አሥራ ሦስት ነው፣ ቤት ምረቃ ይጠራሉ። ዝናብና ንፋስ ይመጣል፤ ቤቱ ከነእንግዶቹ ይሽከረከራል፣ እንግዶቹም በየበሩና በየመስኮቱ ይረጫሉ። ኪተን ይህን ያደረገው ቤቱን እውነተኛ መሽከርከሪያ ላይ ሠርቶ ነው።

በበነጋው ደግሞ ሌላ መርዶ፦ ቤቱ የተሠራው በሌላ ሰው ቦታ ላይ ነው። የቦታው ቁጥር ምልክት ተገልብጦ ነበር። በመኪና እየጎተቱ ባቡር ሐዲድ ላይ ሲደርሱ ይቆማል። ባቡር እየመጣ ነው። ሁለቱ ይተቃቀፋሉ፣ ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። ቀጥሎ ያለውን አልነግራችሁም። ይህን ያህል ብቻ ልበል፦ ቀልዱ አንድ ጊዜ ያልቃል ብላችሁ ስትተነፍሱ አላለቀም።

ይህን ፊልም ከሌሎቹ በላይ ያስቀመጥኩበት ምክንያት የባልና ሚስቱ ነገር ነው። አይጣሉም። መዳመጫ የለም፣ ጥፊ የለም። ቤቱ እየፈረሰባቸው እነሱ አይፈርሱም። ሚስትየዋም ቆማ የምታይ አይደለችም፤ ታነሳለች፣ ታቀብላለች። ገንዳ ውስጥ ሳለች ሳሙናዋ ከእጇ ሲወድቅ ልታነሳው ትልና ወደ እኛ ታያለች፤ አንድ እጅ መጥቶ ሌንሱን ይሸፍናል። ሳሙናዋን ካነሳች በኋላ ፈገግ ትላለች። በ1920 እንዲህ ከተመልካች ጋር መጫወት ደስ ይላል።

ፊልሙ በ2008 በአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ገብቷል።

አወዳደቃቸው እውነት ነው? ወይስ ዘዴ?

ሁለቱም። በቀደሙት ፊልሞች ካሜራ ይቆምና ተዋናዩ በአሻንጉሊት ይተካል፤ ጭስ ማውጫ የምትወጣው ሜሪ ጄን ሎራ ቤይሊ አይደለችም፤ አትጨነቁ። በኋላ ግን ብዙው እውነት ነው። ኪተን በኤሌክትሪክ የሚሠራ ቤት የሚያሳይ አጭር ፊልም ሲቀርጽ ተንቀሳቃሽ ደረጃው ላይ ቁርጭምጭሚቱ ተሰበረ፤ ፊልሙ ተትቶ እንደገና ተሠርቶ በ1922 ወጣ። ሌላው የዘመኑ ኮሜዲያን ሃሮልድ ሎይድ በ1919 ለፎቶ ሲነሳ የውሸት የመሰለው ቦምብ እውነት ሆኖ የቀኝ እጁን አውራ ጣትና ሌባ ጣት አጣ። ከዚያ በኋላ የሠራቸውን ፊልሞች ጓንት አድርጎ ነው የሠራው።

ለምን ሁሉም እየሮጠ የሚሄድ ይመስላል?

ካሜራው በእጅ ይሽከረከር ነበር። በሰከንድ 16 ምስል ገደማ የተለመደ ነው። ድምፅ ሲመጣ 24 ሆነ። በ16 የተቀረፀውን በ24 ስታሳዩት ሰው ሁሉ ይሮጣል። በዚህ ላይ ኮሜዲ ሠሪዎቹ ሆን ብለው ቀስ እያሉ ያሽከረክሩ ነበር፤ ማሳያው ላይ ፈጠን እንዲል። ስለዚህ ጥቂቱ ሆን ተብሎ የተደረገ ነው፤ ብዙው የዛሬ ስንፍና ነው። በትክክለኛ ፍጥነት የታደሰ ኮፒ ስታዩ ልዩነቱ ያስደነግጣችኋል።

ፊት ላይ ኬክ መወርወር ከየት መጣ?

በ1909 በተሠራ አንድ ፊልም ቤን ተርፒን የሚባል ተዋናይ ፊቱ ላይ ፓይ የሚባለው ኬክ ያርፍበታል፤ ከቀደምቶቹ የሚቆጠረው እሱ ነው። ኪስቶን አስፋፋው። ጥንዶቹ ኮሜዲያን ሎሬልና ሃርዲ በ1927 እጅግ ትልቁን ሠሩት።

ዛሬ ሲታይ የሚከብድ ነገር የለበትም?

አለበት፤ መሸፋፈን ጥሩ አይደለም። ሚስት መምታት፣ ባል መምታት፣ ሠራተኛ መምታት እንደ ቀላል ቀልድ ይቀርባል። ፊታቸውን ጥቁር የተቀቡ ነጮች ጥቁሮችን ሲያላግጡ ይታያል፤ ይህ በአሜሪካ ፊልሞች ውስጥ ሳይታሰብ ብቅ ይላል። አንድ ጥሩ ፊልም እያያችሁ በመሐሉ የሚያስቀይም ግማሽ ደቂቃ ሊገጥማችሁ ይችላል።

ከዚህ በተቃራኒ የሚቆም አንድ ፊልም ልጥቀስ። የኤዲሰን ኩባንያ በ1907 የሠራው ነው። በርታ ሬገስተስ የምትባል ጥቁር ተዋናይ ጥርሷን ታማ ሐኪም ጋ ትሄዳለች፤ የሚያስቅ ጋዝ ይሰጧታል። ከዚያ ሳቋ አያቆምም፤ የሄደችበት ሁሉ ይጋባል። ፖሊሱም ዳኛውም ይስቃል። ዘመኑ ለጥቁሮች የሰጠው ቦታ እዚያም ውስጥ ይታያል፤ ግን ስክሪኑን የሞላው የእሷ ፊት ነው። ያንን ሳቅ ማንም አይችለውም።

ከልጆች ጋር ማየት ይቻላል?

ይቻላል፤ አስቀድማችሁ እዩት እንጂ። ልጆች በተለይ ሌዎንቲንን ይወዷታል። ቧንቧውን ግን ዝጉ።

ቋንቋ ካልቻልኩስ? ጽሑፍ ካርዶቹስ?

ምንም አታጡም። ብዙዎቹ የፈረንሳይ ፊልሞች ተርፈው የተገኙት ሆላንድ ውስጥ በታዩ ኮፒዎች በኩል ስለሆነ ካርዶቹ በሆላንድ ቋንቋ ናቸው። ማንም አንብቦ አይስቅም፤ ሁሉም ዓይቶ ነው። ሙዚቃው ኋላ የተጨመረ ነው። በጊዜው ሲኒማ ቤቱ ውስጥ ፒያኖ የሚመታ ሰው፣ ትልልቅ ቦታዎች ላይ ደግሞ ኦርጋን ወይም ኦርኬስትራ ነበር። የተጨመረው ሙዚቃ ካልጣማችሁ ዝጉት፤ እኔ ብዙ ጊዜ እንደዚያ ነው የማየው።

ለምን ብዙዎቹ ጠፉ? የተረፉትንስ የት ላግኝ?

ፊልሙ የሚሠራበት ናይትሬት የሚባል ነገር በቀላሉ ይቃጠላል፤ ሳይቃጠል ቢቀርም ይበሰብሳል። በዚያ ላይ ድምፅ ከመጣ በኋላ አሮጌው ፊልም ዋጋ የለውም ተብሎ ብዙው ተጣለ፣ በውስጡ ላለው ብር ሲባልም ቀለጠ። አጫጭር ፊልሞች ደግሞ ከሁሉ የተናቁ ነበሩ። ሆኖም አንዳንዴ ብቅ ይላሉ። የሎሬልና ሃርዲ ትልቁ የፓይ ጦርነት የጠፋው ክፍል በ2015 ተገኝቷል። በ1978 ደግሞ ካናዳ ውስጥ በዶውሰን ሲቲ፣ ከመሬት ሥር ከ500 በላይ ጥቅል ፊልም ተቆፍሮ ወጥቷል፤ የድሮ መዋኛ ገንዳ መሙያ አድርገዋቸው ነበር።

የተረፉት አብዛኞቹ የቅጂ መብት ጊዜያቸው ስላለፈ በነፃ ይገኛሉ። ዩቲዩብ ላይም፣ ኢንተርኔት አርካይቭ ላይም አሉ። የአሜሪካ ኮንግረስ ቤተ መጻሕፍትና የአምስተርዳሙ አይ ፊልም ሙዚየም የራሳቸውን ኮፒዎች ያወጣሉ፤ ከቻላችሁ ከእነዚህ ጀምሩ። ዩቲዩብ ላይ ስትፈልጉ የመጀመሪያውን አትክፈቱ። ርዝመቱን አወዳድሩ። «ዋን ዊክ» ወደ 25 ደቂቃ አካባቢ መሆን አለበት፤ ያገኛችሁት 15 ከሆነ ወይ ተቆርጧል ወይ እየሮጠ ነው፤ ሌላ ፈልጉ።